ከጥቁሩ ልብስ ወዲያ፦ የሙዚዶራ ሥራ ሲዳሰስ

ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይባላል። ለፈረንሳይዋ የድምፅ አልባ ፊልም ተዋናይት ለሙዚዶራ ግን ከመቃብር በላይ የዋለላት ስሟ ሳይሆን ልብሷ ነው። ከአንገት እስከ እግር ገላ ላይ የተጣበቀ ጥቁር ልብስ፣ ጥቁር ጭንብል፣ በኩል የተከበቡ ትልልቅ ዓይኖች። ይህ ምስል በፖስተር፣ በፋሽን መጽሔትና በሲኒማ መጻሕፍት ሽፋን ላይ ሲዞር መቶ ዓመት አልፎታል። ምስሉን ያየው ሰው ብዙ ነው፤ ልብሱን የለበሰችው ሴት ማን እንደነበረች ጠይቆ የደረሰበት ግን ጥቂት። ሙዚዶራ ተዋናይት ብቻ አልነበረችም። ፊልም ጽፋለች፣ አዘጋጅታለች፣ በስሟ የፊልም ኩባንያ አቋቁማለች፣ ልቦለድ አሳትማለች፣ በመጨረሻም የሌሎችን የፊልም ታሪክ ስትሰበስብ ኖራለች። ከዚህ ሁሉ ዛሬ በእጃችን ያለው ምንድን ነው? ስለ እርሷ የተጻፈውና የተሠራውስ ምን ያህል ይታመናል? እዚህ የማየው ይህን ነው። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በ1889 ፓሪስ ውስጥ ስትወለድ የወጣላት ስም ዣን ሮክ ነው። አባቷ የሙዚቃ ደራሲና የሶሻሊዝም አራማጅ ነበር፤ እናቷ ደግሞ ሠዓሊና ለሴቶች መብት የምትሟገት ሴት። እንዲህ ካለ ቤት የወጣች ልጅ ሥዕል ብትማር አይገርምም፣ ተምራለችም። ነገር ግን መድረኩ ቀድሞ ወሰዳት። የመድረክ ስሟን ያገኘችው ቴዎፊል ጎቲዬ «ፎርቱኒዮ» በተባለው ልቦለዱ ከፈጠራት ገጸ ባሕርይ ነው። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በፊት በነበሩት ዓመታት ፓሪስ ውስጥ ዘፈንና ጭፈራ፣ ቀልድና አጭር ድራማ ባንድ ምሽት የሚታይባቸው ቴአትር ቤቶች ሞልተው ነበር፤ ሙዚዶራም በእነዚሁ ቤቶች ትሠራ ጀመር። ባታክላን በተባለው ቤት አብራት መድረክ ላይ ከወጡት አንዷ ደራሲዋ ኮሌት ነበረች። የሁለቱ ወዳጅነት ዕድሜ ልክ የዘለቀ ነው፤ ኋላ እንደምናየው ሙዚዶራ ወደ ዳይሬክተርነት የገባችውም በኮሌት መጻሕፍት በር ነው።

የመጀመሪያ ፊልሟን አብዛኛው ጸሐፊ ባንድ መስመር ያልፈዋል። እኔ ግን ቆም ማለት እፈልጋለሁ። በ1914 የወጣው ይህ ፊልም «የመርፌ መከራ» ሊባል የሚችል ርእስ አለው፤ በልብስ ሰፊነት የምትተዳደር ሴት የምትበዘበዝበትን ኑሮ ያሳያል። የሠራው የንግድ ኩባንያ አይደለም። የሠራተኛ ማኅበራት ሰዎችና አናርኪስቶች በ1913 ያቋቋሙት «የሕዝብ ሲኒማ» የተባለ የኅብረት ሥራ ማኅበር ነው። ጦርነቱ ሲመጣ ማኅበሩም ፈረሰ። ኋላ በሌብነትና በግድያ ሚና ዓለም ያወቃት ሴት በካሜራ ፊት መጀመሪያ የቆመችው እንደ ድኻ ልብስ ሰፊ መሆኑ በአጋጣሚ ብቻ የሚታለፍ አይመስለኝም። የአባትና የእናቷን ቤት ላስታወሰ ሰው ነገሩ ይገጥማል።

ከዚያ ሉዊ ፌያድ መጣ። ፌያድ ጎሞን በተባለው ትልቅ የፊልም ኩባንያ የጥበብ ኃላፊ ነበር፤ ወንበሩን የተረከበው ከመጀመሪያዋ ሴት ዳይሬክተር ከአሊስ ጊ ነው፣ ለቦታው ያጨችውም እርሷው ናት። በ1913 እና 1914 ባወጣው «ፋንቶማስ» የወንጀል ተከታታይ ፊልም ስሙ ገንኗል። ሙዚዶራን ፎሊ ቤርዤር በተባለው ቴአትር ቤት መድረክ ላይ አይቷት ወደ ጎሞን አመጣት። መጀመሪያ ያሠራት አጫጭር ድራማዎች፣ ኮሜዲዎችና የጦርነቱን ስሜት የሚያሟሙቁ ፊልሞች ናቸው። ስለ እነዚህ ብዙ የሚባል የለም፤ ጥሩ ተዋናይት እየተገራች መሆኑ ይታያል፣ ከዚያ አያልፍም።

«ሌ ቫምፒር» ግን ሌላ ነው። ርእሱ አያሳስት፤ ደም የሚመጥ ጭራቅ የለበትም። «ቫምፒሮች» ፓሪስን የሚዘርፍ፣ የሚገድልና የሚያሸብር የወንበዴ ቡድን ነው። ፊልሙ ከኖቬምበር 1915 እስከ ጁን 1916 ድረስ በ10 ክፍሎች ወጣ፤ ሁሉም ሲደመር ወደ 7 ሰዓት ይጠጋል። ጎሞን የቸኮለበት ምክንያት ነበረው። ተፎካካሪው ፓቴ አሜሪካዊቷን ፐርል ኋይትን ይዞ «የኒውዮርክ ምስጢሮች» የተባለ ተከታታይ ሊያወጣ ነበር። ወንዱ ግንባር ዘምቶ የፓሪስ ጎዳና ጭር ባለበት ሰዓት ፌያድ ካሜራውን እዚያው ጎዳና ላይ ተከለ። ብዙውን ነገር እየቀረፀ ነው የፈጠረው፤ የታሪኩ መያዣና መጨበጫ አንዳንዴ የሚጠፋው ለዚህ ነው። ያ ባዶ ጎዳና፣ ከጣሪያ ጣሪያ የሚዘሉ ጥቁር ለባሾች፣ ግድግዳው ተከፍቶ መድፍ ብቅ የሚልበት ክፍል፣ ሁሉም የተለመደ በሚመስል የቀን ብርሃን ይታያሉ። የፊልሙ አስፈሪነት ከዚህ የሚመነጭ ነው።

ሙዚዶራ የምትገባው በሦስተኛው ክፍል ነው። ጋዜጠኛው ጌራንድ ወንበዴዎቹን ሲያሳድድ ከአንድ የምሽት ክበብ በር ይደርሳል። በሩ ላይ የዘፋኝ ማስታወቂያ ተለጥፏል፦ ኢርማ ቬፕ። ጌራንድ ጽሑፉን ትኩር ብሎ ሲያይ ሰባቱ የላቲን ፊደሎች ከቦታቸው ይነሱና እየተዘዋወሩ «ቫምፒር» የሚለውን ቃል ይሠራሉ። ፊልም ገና ልጅ በነበረበት ዘመን የተሠራ ትንሽ የካሜራ ጨዋታ ነው፤ ግን አንዲት ገጸ ባሕርይ እንዲህ ተብላ ስትተዋወቅ ተመልካቹ ከጋዜጠኛው ጋር እኩል ምስጢሩን ያገኛል። ከዚያ ውስጥ እንገባለን። ጭስና ወሮበላ በሞላበት ቤት አንዲት ሴት ትዘፍናለች። ድምፅ የለም፣ ዘፈኑን አንሰማም። የምናየው አንገቷን ቀና አድርጋ ወንዶቹን ከላይ ወደ ታች ስታያቸው ነው። ሌላ የዘመኑ ተዋናይ ቢሆን እጁን ያወናጭፍ፣ ደረቱን ይመታ ነበር። ሙዚዶራ ሥራውን ለዓይኗ ትታለታለች።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልበል። ሰባቱን ሰዓት ተቀምጦ ያየ ሰው ዝነኛው ጥቁር ልብስ የሚታይበት ጊዜ ከሚጠበቀው በጣም ያነሰ መሆኑን ያስተውላል። እንዲያውም ጥቁር ጥብቅ ልብስ ለብሳ መጀመሪያ የምትታየው ሙዚዶራ አይደለችም፤ በሁለተኛው ክፍል ዳንሰኛዋ ስታሲያ ናፒየርኮቭስካ የሌሊት ወፍ ክንፍ ያለው ልብስ ለብሳ ትቀድማታለች። ኢርማ ቬፕ አብዛኛውን ጊዜዋን የምታሳልፈው ሌላ ሰው መስላ ነው። በሦስተኛው ክፍል አዲስ የተቀጠረች የቤት ሠራተኛ፣ በአራተኛው የባንክ ቤት ጸሐፊ፣ በስድስተኛው ደግሞ ሱሪና ኮት የለበሰ የባላባት ልጅ ትሆናለች። የተዋናይነት ችሎታዋ የሚለካው እዚህ ይመስለኛል። የቤት ሠራተኛዋ ትከሻዋን ሰብሰብ አድርጋ ትሄዳለች፤ የባላባቱ ልጅ ግን ወንበር ላይ ሲቀመጥ ክፍሉ የእሱ ነው። ኢርማ ቬፕን እየተከታተለ ያለ ተመልካች ብቻ በሁለቱም ፊት ላይ አንድ ዓይነት ፌዝ ያያል። ጥቁሩን ልብስ ብቻ ያነሡ ተቺዎች የተዋናይቷን ትልቁን ሥራ ሳያዩ አልፈዋል ማለት ነው።

ከፐርል ኋይት ጋር ያላት ልዩነትም ግልጽ ነው። የፐርል ኋይት ጀግና ትሳደዳለች፣ ትታሰራለች፣ በመጨረሻው ደቂቃ ትድናለች። ኢርማ ቬፕ አሳዳጅ ናት። በስድስተኛው ክፍል ተቀናቃኙ ወንበዴ ሞሬኖ ማርኮ ይይዛትና በዓይኑ አፍዝዞ የገዛ አለቃዋን ታላቁን ቫምፒር ያስገድላታል። ጨካኝ መሆኗን እያወቅን እዚህ ላይ እናዝንላታለን። አሥረኛው ክፍል ላይ የጋዜጠኛው ሚስት በጥይት ስትጥላት ደግሞ ፊልሙ በሕግ አሸናፊነት ተጠናቀቀ ከማለት ይልቅ የሚታየው ሰው ሞተብን ማለት ይቀናናል። ፌያድ ይህን ፈልጎት ይሁን አይሁን ሌላ ጉዳይ ነው፤ ወንጀልን አሳመረ ተብሎ መወቀሱ ግን ያለ ነገር አልነበረም።

ወቀሳው ፍሬ አፈራ። በ1917 የወጣው «ዡዴክስ» በ12 ክፍሎቹ ቀናውን ተበቃይ ጀግና ያደርጋል፤ የርእሱን ሚና የያዘው ሬኔ ክረስቴ ነው። ሙዚዶራ ዲያና ሞንቲ ሆና ክፉዋን ትጫወታለች፤ የአንድ ባለ ባንክ የልጅ ልጅ ሞግዚት መስላ ትገባለች፣ መጨረሻዋም ባሕር ውስጥ ነው። ፊልሙ ከ«ሌ ቫምፒር» የተስተካከለ ነው፤ ታሪኩ ይያያዛል፣ ሥነ ምግባሩም አያስወቅስም። ሙዚዶራ ከሌለችበት ትዕይንት ግን ነፍሱ ይወጣል።

ከፌያድ ጋር የሠራችው ሥራ በዚሁ ቢያበቃ ኖሮ የሙዚዶራ ታሪክ የተለመደ የዝና ታሪክ ይሆን ነበር። የበለጠ የሚያነጋግረው የሚከተለው ነው። የኮሌትን ልቦለዶች ወደ ፊልም ማምጣት የጀመረችው ገና ጎሞን ሳለች ነው። «ሚን» የመጀመሪያው ሙከራ ነበር። ከዚያ ጣሊያን ሄዳ ከዳይሬክተሩ ከኤውጄኒዮ ፔሬጎ ጋር «ላ ቫጋቦንዳ»ን ሠራች። ቀጥሎ የመጣው «የተደበቀው ነበልባል» ኮሌት በቀጥታ ለፊልም የጻፈችው ታሪክ ነው፤ በ1918 ሙዚዶራና ሮዤ ሊዮን አብረው አዘጋጁት። አንዲት ታላቅ ደራሲና አንዲት ታላቅ ተዋናይት ስለ ሴቶች በሚናገር ታሪክ ላይ አንድ ላይ የሠሩበት ሥራ ነበር ብለን እንገምት ይሆናል። መገመት ብቻ ነው የምንችለው፤ ፊልሙ የለም። ሌሎቹ ሁለቱም የሉም።

ለምን ጠፉ? የዘመኑ ፊልም የሚቀረፅበት ናይትሬት በቀላሉ የሚቀጣጠልና ከጊዜ ጋር የሚበሰብስ ነገር ነበር። በ1920ዎቹ መጨረሻ ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ድምፅ አልባው ዋጋ አጣ። ባለቤቶቹ ወይ ጣሉት፣ ወይ በውስጡ ያለውን ብር ለማውጣት አቀለጡት፣ ወይ መጋዘን ውስጥ ትተውት ተቃጠለ። ትልቅ ኩባንያ የሠራው ፊልም ብዙ ቅጂ ስለነበረው የመትረፍ ዕድሉ የተሻለ ነበር። የጎሞኑ «ሌ ቫምፒር» ተረፈ። በትንሽ ገንዘብ፣ በትንሽ ኩባንያ የተሠራው የሙዚዶራ ሥራ በአብዛኛው ሳይተርፍ ቀረ። ዛሬ እርሷን በጥቁር ልብስ ብቻ የምናውቃት ከፊሉ ምክንያት ይኸው የመጋዘን ጉዳይ ነው።

ከጦርነቱ በኋላ በስሟ ኩባንያ አቋቁማ ፊቷን ወደ ስፔን መለሰች። ከፒየር ቤኑዋ ልቦለድ የተወሰደው «ለዶን ካርሎስ» በ1921 ወጣ፤ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ስፔንን ባመሰው የዙፋን ጦርነት ውስጥ የምትዋጋ አሌግሪያ የተባለች ሴትን ተጫውታበታለች። አብሯት ያዘጋጀው ዣክ ላሴን ነው። ፊልሙ ሰፊ ምኞት ያለው ነው፤ ተራራውን፣ ፈረሱንና ወታደሩን ለማየት ደስ ይላል። ታሪኩ ግን ከልቦለዱ ሸክም አልተላቀቀም፣ ጽሑፍ እየበዛ ምስሉን ያንቀዋል። ለሙዚዶራ ያለኝ አክብሮት ይህን እንዳልል አያግደኝም።

በ1922 የወጣው «ፀሐይና ጥላ» ግን ከዚህ ይለያል። ለእኔ የዳይሬክተርነት ማስረጃዋ ይህ ፊልም ነው። ታሪኩ አጭር ነው፤ ኹዋና የምትባል የመንደር ልጅ የበሬ ተዋጊ ታፈቅራለች፣ ባለ ወርቃማ ጸጉር የውጭ አገር ሴት መጥታ ልቡን ትወስድባታለች፣ ሰውዬው በበሬ ቀንድ ይሞታል፣ ኹዋናም ትበቀላለች። ሁለቱንም ሴቶች የምትጫወተው ሙዚዶራ ናት። የበሬ ተዋጊውን የሠራው ተዋናይ ሳይሆን በእውነተኛው ሜዳ ላይ በፈረስ ተቀምጦ በሬ የሚገጥመው ዝነኛው የኮርዶባ ሰው አንቶኒዮ ካኜሮ ነው። በሙዚቃ ቤት መድረክ ያደገች የፓሪስ ሴት እዚህ ቀለሟን ሁሉ አጥባ ትታያለች። ኹዋና ስትሆን ፊቷ ላይ ኩል የለም፤ ጥቁር ሻሽ፣ ነጭ ግድግዳ፣ ከግድግዳው ላይ የወደቀ ስለት ያለው ጥላ ብቻ። የውጭ አገሯ ሴት ስትመጣ ደግሞ ያንን የፓሪስ ፌዝ መልሳ ታመጣዋለች፤ የራሷን ዝና በራሷ ላይ የምትፈርድበት ይመስላል። የመንደሩ ሰዎችም የመንደሩ ሰዎች ናቸው፤ ካሜራው እነሱን ለማየት ጊዜ ይሰጣል። ትርፍ ነገር የለበትም።

ሁለት ዓመት ቆይታ «የበሬዎች ምድር»ን ሠራች። በዚህኛው እንደራሷ ሆና ትታያለች፤ የፊልም ሰው ሙዚዶራ ወደ ካኜሮ የበሬ እርባታ ትሄዳለች። ሲኒማ ቤት ሲታይ ፊልሙ መሐል ላይ ቆሞ እርሷ በአካል መድረክ ላይ ትወጣ፣ ትዘፍን፣ ትጨፍር ነበር። ፊልሙን ብቻ የሚያይ የዛሬ ተመልካች ግማሹን እንዳጣ ይወቅ።

በ1926 «የእግዚአብሔር አንቀልባ» በተባለ ፊልም ላይ ከታየች በኋላ ከስክሪን ራቀች። በቀጣዩ ዓመት ሐኪም አግብታ ከፓሪስ ወጣች፣ ወንድ ልጅ ወለደች፣ በ1944 ተፋታች። በመካከሉ «አራቤላና አርለኪን» እና «ፓሮክሲዝም» የተባሉ ልቦለዶችን ጨምሮ መጻሕፍት አሳትማለች።

አሁን ወደ አድናቂዎቿ እንምጣ፤ ዳሰሳው ጥንቃቄ የሚፈልገው እዚህ ነው። መጀመሪያ የያዟት ሕልምን የጥበብ ምንጭ ያደረጉት ሱሪያሊስቶች ናቸው። ሉዊ አራጎንና አንድሬ ብረቶን በወጣትነታቸው በጦርነቱ መሐል ያዩት «ሌ ቫምፒር» ከልባቸው አልወጣም። በ1928 «የኢየሱሳውያን ሀብት» የተባለ ተውኔት ጽፈውላታል፤ የገጸ ባሕርያቱ ስሞች የእርሷን ስም ፊደል እያቀያየሩ የተሠሩ ናቸው። ፍቅራቸው እውነተኛ ነበር። ያፈቀሩት ግን ሕልማቸውን ነው፤ በዚያው ዓመት ልቦለድ የምታሳትመውን፣ ስፔን ሄዳ ሦስት ፊልም ያዘጋጀችውን ሴት አይደለም። ዛሬም ስለ ሙዚዶራ የሚጻፈው ብዙው ነገር የእነርሱን ዓይን የተዋሰ ነው።

በ1963 ዳይሬክተሩ ዦርዥ ፍራንዡ «ዡዴክስ»ን እንደገና ሠራው፤ ፍራንሲን ቤርዤን ዲያና ሞንቲ አድርጎ፣ ጥቁር ልብስ አልብሶ አሳያት። በ1970ዎቹ ደግሞ የሴቶች እንቅስቃሴ አነሣት። «ሙዚዶራ» የተባለ የሴቶች ማኅበር በ1974 ፓሪስ ላይ የሴቶች ፊልም ፌስቲቫል አዘጋጀ። የዳይሬክተርነቷን ታሪክ ከአቧራ ያወጡት እነዚህ ሴቶችና በዚያው አሥርት ዓመት መጽሐፍ የጻፈላት ፓትሪክ ካዛል ናቸው፤ ውለታቸው አይካድም። ሆኖም በዚያ መንፈስ የተጻፉ አንዳንድ ጽሑፎች ማንም ዛሬ ያላያቸውን ፊልሞች ድንቅ ሥራ ይሏቸዋል። ይህ እምነት እንጂ ሂስ አይደለም። ያለውን አይቶ መፍረድ ያዋጣል፤ «ፀሐይና ጥላ» ብቻውን ይበቃታልና።

የኦሊቪዬ አሳያስ ፊልም «ኢርማ ቬፕ» በ1996 ወጣ። የሆንግ ኮንጓ ተዋናይት ማጊ ቹንግ ፓሪስ መጥታ «ሌ ቫምፒር»ን እንደገና ሊሠራ በሚዳክር ዳይሬክተር እጅ ትወድቃለች። ፊልሙ ብልህ ነው፤ የሙዚዶራን ልብስ ማንም ሊለብሰው እንደሚችል፣ ሙዚዶራን መሆን ግን እንደማይቻል ያውቃል። በ2022 አሳያስ ራሱ እዚያው ታሪክ ላይ በአሊሲያ ቪካንደር መሪ ተዋናይነት ተከታታይ ድራማ ሠርቶበታል፤ በእሱ ውስጥ በ1915 የነበረው ቀረፃ ራሱ ተመልሶ ይታያል። ልብሱን ብቻ ሳይሆን ሠራተኛዋን ለማሳየት የሞከረ ሥራ ስለሆነ ከቀደሙት እመርጠዋለሁ።

ከሁሉም የሚደንቀኝ የመጨረሻዋ ሥራ ነው። በ1936 ፍራንዡና አንሪ ላንግሏ የመሠረቱት የፈረንሳይ ሲኒማቴክ አሮጌ ፊልም ከጥፋት የሚያድን ተቋም ነው። ሙዚዶራ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ማብቂያ አካባቢ ጀምሮ እዚያ ሠራች። የድምፅ አልባውን ዘመን የሠሩትን አዛውንት ማፈላለግና ትዝታቸውን መመዝገብ ከሥራዋ አንዱ ነበር። በ1950 አካባቢ ለፌያድ መታሰቢያ «አስማተኛው ምስል» የተባለ ፊልም ሠርታለች። የእርሷ የራሷ ፊልሞች በየመጋዘኑ እየበሰበሱ ሳለ እርሷ የሌሎችን ታሪክ ትጽፍ ነበር ማለት ነው። በዲሴምበር 1957 ፓሪስ ውስጥ አረፈች።

ማየት ለሚፈልግ አንባቢ ምክሬ ይህ ነው። ከ«ሌ ቫምፒር» ሦስተኛውንና ስድስተኛውን ክፍል አስቀድሙ፤ ከጣመ ወደ መጀመሪያው ተመልሶ ሁሉንም ማየት ይቻላል። ከዚያ በቀጥታ ወደ «ፀሐይና ጥላ» እለፉ፤ ተጠግኖ በፌስቲቫሎች ታይቷል። «ለዶን ካርሎስ» ለታጋሽ ሰው ነው። «ሚን»፣ «ላ ቫጋቦንዳ» እና «የተደበቀው ነበልባል» ከጠፉ ፊልሞች መዝገብ ውስጥ ናቸው።